ትከሻ የማታውቀው ሴትዮ

ልጄ ጭፈራ የምታስተምራትን ሴትዮ "ማይ ቲቸር" እያለች ስትጠራት አንጀቴ እርር ይል ነበር። እኔ እኮ ልጄ ሳትወለድ መድረክ ላይ እስክስታ ስወርድ የኖርኩ ሰው ነኝ። ዲቪ ደርሶኝ ላስ ቬጋስ ከገባሁ ወዲህ ግን ሥራዬ የሆቴል አልጋ ማንጠፍ ሆነ፤ ልጄም እናቷን የምታውቃት በዩኒፎርም ነው።

ሴትዮዋ እኔ በምሠራበት ሆቴል ካዚኖ፣ አንድ አይሪሽ ባር ውስጥ ነው የምትጫወተው። ቫዮሊኗን እየመታች በእግሯ ወለሉን ትደበድበዋለች፤ ሁለቱንም በአንድ ጊዜ! ካናዳ ውስጥ ያለ የዓሣ አጥማጆች መንደር ልጅ ናት። አባቷ ሲጫወት እሷ ማድቤት ወለል ላይ እየጨፈረች አደገች፤ ከዚያ ሠርግ ለሠርግ፣ ከዚያ አገር ላገር፣ መርከብ ላይ ሳይቀር ስትጫወት ኖረች። አሁን ሃምሳ አልፏታል፤ ጉልበቷን በፋሻ አስራ ነው መድረክ የምትወጣው። ያም ሆኖ ሰው እግሯን ለማየት ይሰለፋል። ታዲያ እኔን ገና በልጅነቴ ጡረታ ያወጣኝ ማን ነው? ይህን ሁሉ የነገረችኝ ልጄ ናት። የእኔን ታሪክ ግን አንድ ቀን ጠይቃኝ አታውቅም።

ከሁሉ ያንገበገበኝ የትከሻው ነገር ነው። የሴትዮዋ አገር ጭፈራ ከወገብ በላይ አይነቃነቅም። ቅዳሜ ቅዳሜ ከከተማው ምሥራቅ፣ ዊትኒ ካለው ቤታችን፣ ምዕራብ ጫፍ ሰመርሊን ድረስ ነድቼ ልጄን የሴትዮዋ ክላስ አደርሳታለሁ፤ ጥግ ይዤ ስቀመጥ ሴትዮዋ በየደቂቃው "ትከሻ እንዳይነቃነቅ!" ትላለች። የእኔን ልጅ ትከሻ! ቤት ገብተን መስታወት ፊት አቁሜ "እስቲ እንዲህ አድርጊ" ስላት፣

"ማሚ፣ ኖ! ቲቸር ትከሻ ሙቭ አታድርጊ ብላለች" ትለኛለች።

ሴትዮዋ ከወገብ በታች፣ እኔ ከወገብ በላይ፤ ብንገጣጠም አንድ ሙሉ ሰው ይወጣን ነበር። እኔ ግን ሰላምታዋን እንኳ በግድ ነበር የምመልሰው።

ዓመቱ ሲያልቅ ተማሪዎቹ ዝግጅት አሳዩ። ሺፍቴን ለውጬ ሄድኩና እንከን ልፈልግ ፊት ለፊት ተቀመጥኩ። ልጄ ከሴትዮዋ ጎን ቆማ ጨፈረች፤ ትከሻዋ እንደ ታዘዘው ጸጥ ብሏል፣ እግሯ ግን አንድም ምት አልሳተም። ወደ መጨረሻው ሴትዮዋ ቫዮሊኑን አፈጠነችው። ጉልበቷን እንዳመማት ገባኝ፤ ይኼ ከዳንሰኛ አይሰወርም። አላቆመችም። ላቧ በግንባሯ ወረደ። እግዜር ይይላት፣ እጅ አሰጠችኝ!

የእኛ ሰው ደግሞ የማረከውን ተጫዋች መቼ ተቀምጦ ያያል? ልጄም ብትሆን በየሠርጉ ግንባር ላይ ብር ሲለጠፍ እያየች ነው ያደገችው። ሳላስበው ተነሥቼ መድረኩ ላይ ወጣሁና ከቲፔ የቀረችኝን ዶላር ላብ ባራሰው ግንባሯ ላይ ለጠፍኩላት።

አንዱ ሰውዬ ሴኪዩሪቲ ሊጠራ መሰለኝ ብድግ አለ። ሴትዮዋ ግን ምት ሳትስት፣ ዶላሩ ግንባሯ ላይ እንዳለ፣ በዓይኗ ጠቀሰችኝና ዜማውን ጨረሰች።

መኪና ውስጥ ልጄ አኮረፈች። ፈረንጅ ፊት አዋረድኳት ብዬ ይቅርታ ልጠይቃት አፌን ስከፍት እንባዋ ቀደመኝ።

"ማሚ፣ እኔ እኮ አጠገቧ ነበርኩ" አለች። "አለፍሽኝ። ለእኔስ?"

የሚያሳፍር ነው፣ ግን እውነቱን ልናገር፤ ከሐዘኑ በፊት የመጣብኝ ደስታ ነው። ልጄ በሴትዮዋ ቀንታለች፤ ያውም በእኔ የተነሣ።