ርጥብ ወይራ

የወይራ ጭስ ሽታ ደስ ይላል የሚል ሰው ያናድደኛል። ጥፋቱ የእሱ እንዳልሆነ አውቃለሁ፤ ግን ያናድደኛል።

ወሎ ሰፈር ነበርን። ታላቅ ወንድሜ በቀይ ሽብር ሲገደል አስከሬኑን አልሰጡንም። ድንኳን መጣል ቀርቶ ማልቀስም ክልክል ነበር። እናቴ ነጠላዋን እንኳ አላዘቀዘቀችም። በማግስቱ የጠላ ጋን ወደ ግቢ አወጣች፤ ከጓሯችን ወይራ ርጥብ ቅርንጫፍ ቆርጣ ጋኑን ማጠን ጀመረች። ጭሱ ላይ ስታጎነብስ እንባዋ ይወርዳል። የቀበሌው ዘብ በአጥሩ አሻግሮ አይቶ፣ «ምን ሆነው ነው እትዬ?» ይላታል።

«ጭሱ ነው ልጄ» ትለዋለች። ይሄዳል።

በየቀኑ እንዲሁ ነበር። እኔ የአሥር ዓመት ልጅ ነኝ፤ የዓይኗ መቅላት አሳዘነኝ። አንድ ጠዋት ቀድሜያት ተነሳሁና ርጥቡን ወይራ ጓሮ ደብቄ፣ በደንብ የደረቀ ፍልጥ አነደድኩላት። እሳቱ ቦግ አለ፤ ጭስ የሚባል የለም። እናቴ ግን ገና ቁጭ ከማለቷ እንባዋ ዱብ ዱብ ይል ጀመር። ዘቡ አጥራችን ጋ ደርሷል።

ያኔ ገባኝ። ሮጬ የደበቅሁትን ወይራ አመጣሁና ከነቅጠሉ፣ ከነነጫጭ አበባው እሳቱ ላይ ከመርኩት። ጭሱ ሁለታችንንም ሸፈነን። እኔም ለወንድሜ ለመጀመሪያ ጊዜ አለቀስኩ።

ያን ዓመት ጋኑ በየቀኑ ታጠነ፤ ጠላ ግን አንድም ቀን አልተጠመቀበትም።