ሹሉ ቅንፍ

በደርግ ጊዜ ጂንካ ስሠራ የመንገድ ቢሯችን አንዲት የእንግሊዝኛ ታይፕራይተር ነበረችው። ሹል ቅንፍ፣ ያ ጎኑ እንደ ቀስት ጫፍ የሾለው፣ አልነበራትም። ስለዚያ ዘመን ሰዎች ስለ ታላላቅ ጉዳዮች ይጽፋሉ፤ እኔ የምጽፈው ስለ ቅንፍ ነው።

ድልድይ የሚሸከም ግንድ ምን ያህል እንደሚጎብጥ በምናሰላበት ቀመር እያንዳንዱ ሸክም በሹል ቅንፍ ይገባል። ትርጉሙ ቀላል ነው፦ ከግንዱ ጫፍ ተነስተህ ሸክሙ ዘንድ እስክትደርስ ቅንፉ ዜሮ ነው። ክብ ቅንፍ ግን ይህን አያውቅም። ያልደረስክበትን ሸክም የመደመር የመቀነስ ምልክቱን ገልብጦ ግንዱን ከታች የሚደግፍ ኃይል ያደርገዋል። ገና ያልመጣ ነገር የዛሬውን ጎባጣ ያቀናል ማለት ነው። ያኔ በየስብሰባው የምንሰማውም ከዚህ ብዙ አይለይም ነበር።

በቀይ አፈር መንገድ ላይ ለምትሠራ ትንሽ የእንጨት ድልድይ ስሌቱን በእጄ ሠራሁ። ታይፒስቷ ሹሉን ቅንፍ በክብ ተካችው፤ እኔም ሳላነብ ፈረምኩ። የታዘዘው ወፍራም ግንድ ሲታጣ የክፍሉ ኃላፊ ያንኑ ወረቀት ይዞ፣ ቅንፉን እንደ ተራ ቅንፍ ፈትቶ፣ ለቀጭን ግንድ አሰላና "ይበቃል" አለ።

የአናጢዎቹ ፎርማን በዕድሜ የሚበልጡኝ የአሪ ሰው ነበሩ። ግንዱን በመዳፋቸው መታ መታ አደረጉት።

"መሐንዲስ፣ ይሄ እንጨት ቀጭን ነው።"

"ወረቀቱ ይበቃል ይላል፣ ጋሼ።"

"እንግዲያው መጀመሪያ ወረቀቱ ይሻገርበት።"

ድልድዩ በቆሎ የጫነ መኪና ይዞ ወደቀ። ሾፌሩ ሞተ። ካድሬው "የኢኮኖሚ አሻጥር ነው" አለና ፎርማኑ ታሰሩ። የጴንጤ ጸሎት ቤታቸው በመንግሥት ቀደም ብሎ ታሽጎ ስለነበር ግማሹ ክስ ተዘጋጅቶ ይጠብቃቸው ነበር።

በማግስቱ ፋይሉን ገለጥኩ። የእጅ ጽሑፌና የታይፑ ወረቀት አብረው ነበሩ፤ ጎን ለጎን ላስቀመጣቸው ስህተቱ ይታያል። የእጅ ጽሑፌ እሳቸውን ሊያስፈታ ይችል ነበር። እኔንና ኃላፊዬን ደግሞ በእሳቸው ቦታ ሊያስገባ። አጣጥፌ ኪሴ ከተትኩት። መርማሪው ሲጠይቀኝ ስሌቱ ልክ ነው አልኩ።

ከዓመት በላይ ቆይተው ተፈቱ። የጂንካ የቅዳሜ ገበያ ላይ አገኘኋቸው። ቀኝ እጃቸው ከእንግዲህ መጥረቢያ የሚይዝ አልነበረም።

"መሐንዲስ፣ ያ እንጨት ቀጭን ነበር፣ አይደል?"

"ቀጭን ነበር፣ ጋሼ።"

"እዚያ ሆኜ፣ ምናልባት የተሳሳትኩት እኔ እሆናለሁ ስል ነበር።"

አመሰገኑኝና ሄዱ። ምስክርነቴ ይኸው ነው፤ ጎደሬ በሚሸጥበት መሀል፣ ለእሳቸው ብቻ።