ወንፊት የያዙት ሴት

ከመካነ ሰላም ወደ አባይ በረሃ በሚወርደው ገደል ሥር፣ ከኖራ ድንጋይ ሆድ የሚፈልቅ ምንጭ አለ። ለክልሉ የውሃ ጥናት ስመላለስ ሁልጊዜ እዚያው አገኛቸው ነበር፤ ጥቁር ሻሽ ያሰሩ፣ ቀሚሳቸው እስከ ጉልበት የረጠበ አሮጊት፣ አሮጌ የዱቄት ወንፊት ከምንጩ አፍ ደቅነው። ቅጠል ወይ ጠጠር ሲይዝላቸው ወደ ብርሃን አዙረው ያዩና ይደፉታል። ለጀሪካን ተሰላፊዎቹ ውሃ የሚያጠሩ መስሎኝ ነበር። እሳቸው ግን ከዚያ ውሃ ሲጎነጩ አይቼ አላውቅም።

“ደጋው ላይ ጎርፉን እንዳለ የሚውጥ ጉድጓድ አለ” አለችኝ አንዲት ውሃ ቀጂ ድምጿን ዝቅ አድርጋ። “ክረምት ላይ ልጃቸውን ይዞት ገባ። ኋላ እብቅ ብንበትንበት በዚህ ምንጭ ወጣ። እሱ ግን አልወጣም።”

አንድ ቀን ራሳቸው ጠሩኝ።

“ልጄ፣ አንተ ተምረሃል። የዚህ ገደል ውስጡ ምን ይመስላል?”

ስለ ሙያዬ የሚጠይቀኝ ሰው ስለማላገኝ ዘረገፍኩላቸው። ዝናቡ በአፈሩ ሲያልፍ እንደሚኮመጥጥ፣ ኖራ ድንጋዩን ቀስ በቀስ እያሟሟ ስንጥቁን ዋሻ እንደሚያደርገው ነገርኳቸው።

“ድንጋዩን ይበላዋል?”

“አዎ እማማ፣ ይበላዋል።”

“ያ ረቢ! ድንጋይ ከበላ፣ አጥንት ምን ያቅተዋል?”

ወንፊቱን ከውሃው አውጥተው ሣሩ ላይ አስቀመጡት። ከዚያ ጎንበስ አሉና፣ ሁለት እጃቸውን አጋጥመው፣ ከምንጩ ጠጡ።