በእጄ የለጠፍኩት ማስታወቂያ

የያዙኝ ቢሮ ውስጥ፣ ምሳ ሰዓት ሊደርስ ሲል ነው። ሁለት ፖሊሶች በር ላይ ቆመው ጠበቁኝ፤ እኔም የጀመርኩትን ደብዳቤ ጨርሼ መሳቢያዬን ቆለፍኩ። ጥፋቴን ስጠይቅ «ከነሱ ጋር ነሽ» ተባልኩ። እነሱ ማን እንደሆኑ አልተነገረኝም። ያን ሰሞን ብዙ ሰው የገባው እንዲሁ ነበር።

የሴቶቹ ክፍል ድሮ የእህል መጋዘን ነበር። በወለሉ ስንጥቅ ውስጥ የገብስ ፍሬ ቀርቷል፤ ሽታውም አልለቀቀም። እውነቱን ለመናገር ሽታውን ወድጄው ነበር።

በሁለተኛው ሳምንት ምሳ ያመጣችልኝ እህቴ፣ ስሜ በቢሮው ሰሌዳ ላይ እንደተለጠፈ ነገረችኝ። ያለ ፈቃድ ከሥራ ስለቀረሁ በአሥር ቀን ውስጥ ቀርቤ ሪፖርት ካላደረግሁ እሰናበታለሁ ይላል። ሳቄ መጣ። የሰው ሀብት ሠራተኛ ነኝ፤ ያንን የማስታወቂያ ቅጽ ከነነጠላ ሰረዙ ያረቀቅሁት እኔው ነበርኩ። ወዲያው ግን ሳቄ ጠፋ፤ እናቴም እህቴም የሚኖሩት በእኔ ደመወዝ ነው።

ጠዋት ጠዋት ወንዶቹም ሴቶቹም ፀሐይ ለመሞቅ ግቢው ውስጥ እንቀመጣለን። በማግስቱ ነገሩን አጠገቤ ለተቀመጠችው እስረኛ ሳጫውታት አንድ ሽማግሌ ጆሯቸውን ጣል አድርገው ሲሰሙኝ አየሁ። አወቅኋቸው። የቢሯችን ዘበኛ የነበሩ ናቸው። ከሁለት ዓመት በፊት ታስረው ሳሉ የእሳቸውን ስም የለጠፍኩት እኔ ነኝ። ሲፈቱ ሥራቸውን አጥተው፣ በንፋስ መውጫና በአርብ ገበያ ከተሞች መካከል በሚመላለስ የጭነት መኪና ላይ እህል ሲጭኑ ሲያወርዱ እንደከረሙ ሰምቼ ነበር። አሁን ደግሞ መልሰው አስገብተዋቸዋል።

ይሰድቡኛል ብዬ ስጠብቅ የተቀመጡበትን ድንጋይ ለቀቁልኝ። ያኔ ለምን ቅሬታ እንዳላቀረቡ ጠየቅኋቸው።

«መታሰሬን የማያውቅ ማን ነበር ልጄ? በወረቀት የሚያውቅ ጠፋ እንጂ» አሉኝ።

አፈርኩ። እኔ አውቅ ነበር። ወረቀቱን ስለጥፍ «ደንብ ነው» ብዬ ራሴን አጽናንቻለሁ። ጉድጓድ አርቀህ አትቆፍር፣ ማን እንደሚገባበት አይታወቅም የሚሉት ለካ ለሰው ሀብት ሠራተኛ ኖሯል።

እህቴን ወረቀትና እስክሪብቶ አስመጣኋት። መጀመሪያ የራሴን መልስ ጻፍኩ፤ ከሥራ አልቀረሁም፣ ታስሬ ነው አልኩ። ሁለተኛው ስለ ሽማግሌው ነበር፤ እሱ ላይ ስደርስ አመነታሁ። የሚመልሰኝም የሚያባርረኝም ያው ቢሮ ነው፤ ጥፋቴን በገዛ እጄ ከሰጠሁት ሌላ ሰበብ መፈለግ አይኖርበትም። ፈራሁ። ቢሆንም ጻፍኩት። የዘበኛውን ማስታወቂያ የለጠፍኩት እኔ እንደሆንኩ፣ መታሰራቸውንም እያወቅሁ እንደለጠፍኩት ገልጬ፣ ስሜንና የሥራ መደቤን አስፍሬ ፈረምኩበት።

የሚወጣ ወረቀት ሁሉ በተረኛው ፖሊስ ይነበባል። ይህንን ሁለት ጊዜ አነበበው።

«ይቺኛዋ በራስሽ ላይ ናት» አለኝ።

«አውቃለሁ» አልኩት። እህቴንም ሁለቱ ደብዳቤዎች የቢሯችን መዝገብ ቤት ገብተው ቁጥር ሳይሰጣቸው እንዳትመለስ ነገርኳት። ከሰዓት በኋላ ቁጥሮቹን መዳፏ ላይ ጽፋ መጣች።

ሁለታችንም ያለ ክስ ተፈታን። ከቢሮው ጋር የገጠምነው የሥራ ክርክር ግን ወራት ፈጀ። በመጨረሻ ወደ ሥራችን እንድንመለስ፣ ውዝፍ ደመወዛችንም እንዲከፈለን ተወሰነ። ለእሳቸው ውሳኔ መሠረት የሆነው ያ ደብዳቤ ነበር። ሽማግሌው በገንዘቡ ጥማድ በሬ ገዙ፤ ዛሬም የቢሯችን ዘበኛ ናቸው። ጠዋት ስገባ «ዛሬ ደግሞ ማንን ልትለጥፊ ነው?» እያሉ ይቀልዱብኛል። እኔም እስቃለሁ፤ ሰው ሲቀር ግን መጀመሪያ የት እንዳለ አጠያይቃለሁ።

ለእኔ ከደመወዙ ጋር አንድ የጽሑፍ ማስጠንቀቂያም ደርሶኛል። ሠራተኛው መታሰሩን እያወቀች የስንብት ማስታወቂያ ለጥፋለች ይላል። እውነት ነው። አሁን ማስጠንቀቂያው የሚጸናበት ጊዜ ስላለፈ ከማኅደሬ ይውጣልኝ ብዬ ማመልከት እችላለሁ፤ ደንቡን ከማንም በላይ አውቀዋለሁ። አላመለከትኩም። እዚያው ይቀመጥ ብያለሁ።