ቅሬው ያስከፈተው አጥር

ባለቤቴ በሞተ በዓመቱ መውጫ መንገዴን በአጥር የዘጋብኝ የገዛ ታናሽ ወንድሙ ነው። መካነ ሰላም ፍርድ ቤት ከሰስኩት። አንዴ ዳኛው ተቀየሩ፣ ሌላ ጊዜ እሱ ታመምኩ ብሎ ቀረ፤ በቀጠሮ ላይ ቀጠሮ እየተጨመረ ዓመታት አለፉ። እኔም ጎረቤት እየለመንኩ በሰው ማሳ ስወጣ ስገባ ኖርኩ።

እናቴ እኔው ቤት ስታርፍ ቅሬያችን፣ የመንደሩ እድር፣ ሊቀብር ቃሬዛ ይዞ መጣ። የቅሬው ሹም ወንድምየውን ጠርተው፣ «አስከሬን በሰው ቡቃያ ላይ አይሄድም፤ አጥርህን አንሳ» አሉት። ከቅሬ የተባረረ ቀባሪ የለውምና ወዲያው በእጁ አፈረሰው።

ከሣልስቱ በኋላ መልሶ አጠረው። ምነው ስለው፣ «ለሬሳ ነው የከፈትኩት፣ እትዬ። የእርስዎም ቀን ሲደርስ እከፍታለሁ» አለኝ።

ክሱ ሳይወሰን ባለፈው ክረምት እሱ ሞተ። ለቅሶው አልሄድኩም። ቅሬው የጣለብኝን ቅጣት ከፈልኩ።