መዝገቡና አራተኛው ካሜራ

መዝገቡ የጥበቃ ካሜራ መጠገን ከጀመረ ሃያ ዓመት ሊሞላው ነው። ዊንጌት አካባቢ ባለችው ጠባብ ሱቁ ውስጥ የተፈታ ሌንስ እንጂ የተጣለ ሌንስ አይገኝም። "የሚያይ ካሜራ ለምን ይነቀላል?" ይላል ላገኘው ሁሉ።

ሽሮ ሜዳ፣ የሸማኔዎች ማኅበር ግቢ ውስጥ ያሉትን ስድስት ካሜራዎች የሰቀላቸው እሱ ነው። አሮጌ ናቸው፤ ምስላቸው ከቢሮው ቴሌቪዥን አያልፍም። የማኅበሩ ሰብሳቢ ወይዘሮ ታየች ደግሞ ግቢውን በስልካቸው ማየት አማራቸው። ሌላ ባለሙያ "ሁሉም ተነቅለው በአዲስ ይተኩ" ብሏቸዋል። መዝገቡ ግን ከምሳ ዕቃ የማትበልጥ ሣጥን ይዞ መጣ፤ የአሮጌ ካሜራን ምስል ወደ ኢንተርኔት የምታሻግር ቪዲዮ ሰርቨር።

"እስከ ስድስት ሰዓት ስድስቱንም ካሳየኸኝ ይቆያሉ። አለዚያ ነገ ይነቀላሉ" አሉት።

"ስድስቱንም ያያሉ፣ እትዬ።"

ኬብሎቹን አንድ በአንድ ሣጥኗ ላይ ሰካ። ስልካቸው ላይ አምስት ምስል ጥርት ብሎ መጣ። አራተኛው ጨለማ።

ካቻቢቴውን ይዞ ጓሮ ወጣ። ካሜራው ሥር የኬብሉ ጫፍ ላልቷል፤ አጠበቀው፣ ምስሉ መጣ። ቢሮ ተመልሶ ሳይቀመጥ ግን ምስሉ ጠፋ። እንዲህ እያለ ሦስት ጊዜ ተመላለሰ። አምስት ተኩል ሆነ፤ ወይዘሮ ታየች የዚያን ባለሙያ ቁጥር መፈለግ ጀመሩ።

መዝገቡ ለአራተኛ ጊዜ አጥብቆ ተመለሰ። "እስቲ አንዴ ስልኩን ይስጡኝ!"

ሁለተኛው ካሜራ ጓሮውን ከጎን ያሳያል። መዝገቡ ዓይኑን ተከለበት። አንጋፋው ሸማኔ ጋሽ እንድርያስ የራሰ ክር ታቅፈው ብቅ አሉ፤ ከአራተኛው ካሜራ በሚመጣው ጥቁር ኬብል ላይ ዘርግተው አሰጡት። ኬብሉ ረገበ፤ የአራተኛው ምስልም ወዲያው ጠፋ።

መዝገቡ እየሮጠ ወጣ። "ጋሽ እንድርያስ! ክሩን!"

ሽማግሌው ክራቸውን ፈጥነው አነሱ። "ይኸው! በመጣህ ቁጥር ሥራህን እንዳላውክብህ አነሳልህ የለም እንዴ?"

"ለሱ ነው ለካ እኔ ስመጣ የማላየው!"

"ምን ላድርግ፣ ልጄ? እንዲህ ቀጥ ብሎ የተወጠረ ገመድ የት ይገኛል? የወጠረው እጁ ይባረክ!"

"እኔ ነኝ የወጠርኩት።"

"እንግዲያው ተባረክ!"

መዝገቡ ሳቁ አመለጠው። የኬብሉን ጫፍ መልሶ አጠበቀ፤ ከሻንጣው ናይለን ገመድ አውጥቶ ከኬብሉ ራቅ አድርጎ ወጠረላቸው። ጋሽ እንድርያስ በጣታቸው ነካ አደረጉት።

"ላልቷል። ጨምርበት።"

ጨመረበት። የቢሮው መስኮት ተከፈተ።

"ስድስቱም መጡ!" አሉ ወይዘሮ ታየች፣ ስልካቸውን ከፍ አድርገው። "መዝገቡ፣ ካሜራዎችህ ይቆያሉ! ጋሽ እንድርያስ፣ ቆብዎን ያቅኑ፣ እየታዩ ነው!"

ጋሽ እንድርያስ ቆባቸውን አቀኑና ክራቸውን በአዲሱ ገመድ ላይ ማስጣት ጀመሩ።