የህንዱ መንዙማ

ያኔ ሁሉ ነገር ልማታዊ ነበር፤ እኔም ደሴ፣ ቧንቧ ውሃ ሰፈር፣ ካሴትና ሲዲ እየሸጥሁ ልማታዊ ዲጄ ነኝ እል ነበር። የኩራቴ ምንጭ ጅቡቲ የሚመላለስ የከባድ መኪና ሹፌር ኮምቦልቻ ላይ የሰጠኝ ሲዲ ነው። የህንድ ዘፈን ከፈረንጅ የጭፈራ ቤት ምት ጋር ተደባልቆበታል። ሽፋኑ ላይ ግንባሯን ቀይ ነጥብ የተቀባች ሴት ትልቅ ማዳመጫ ጆሮዋ ላይ ደፍታለች። ለገዛም ላልገዛም ስለ «ዓለም አቀፍ ውህደት» እሰብካለሁ። ዓለምን ያየሁት ግን እስከ ሐይቅ ከተማ ድረስ ነው።

እህቴ ኮምቦልቻ ስትዳር የሙዚቃው ኃላፊ ሆንሁ። አማቷ፣ የሙሽራው አባት፣ ግን ቀድመው ቁርጡን ነገሩን፤ «ወላሂ፣ ዘፈን የሰማሁ እንደሆን ልጄን ይዤ እነሳለሁ። መንዙማ ብቻ!» እህቴ ደግሞ ከልጅነቷ ጀምሮ ስታልም የኖረችው በሰርጓ መጨፈርን ነው። ቀና ብላ ስታየኝ እኔ መሬት መሬቱን አየሁ።

ቀትር ላይ፣ ድንኳኑ ጢም ብሎ ሞልቶ፣ ቴፑ የመንዙማውን ካሴት በላው። ጸጥታው አስጨነቀኝና ሲዲዬን ከተትሁ፤ የዘፈኑ መግቢያ ላይ አንድ ሰውዬ ብቻውን ረዘም አድርጎ ያዜማል፣ እሱ እስኪጨርስ ካሴቱን እጠግናለሁ ብዬ ነው። ሰውዬው ሲጀምር አማትዬው ዓይናቸውን ጨፈኑ። «አሚን!» አሉ። ድንኳኑም «አሚን!» አለ። አንድ ሽማግሌ እንዲያውም ድምፁ የመካ ሰው ድምፅ መሆኑን ለጎረቤታቸው አስረዱ። እኔ ካሴቱ ውስጥ እስክሪብቶ ሰክቼ እንደ እብድ አጠነጥናለሁ።

ከዚያ ምቱ ገባ። ዱም፣ ዱም፣ ዱም! ብርጭቆው ሁሉ ተንቀጠቀጠ። በቃ፣ የእህቴን ትዳር በገዛ እጄ አፈረስሁት አልሁ።

አማትዬው ዓይናቸውን ገለጡ። «ድቤው ጠንከር ብሏል» አሉና ያጨበጭቡ ጀመር። እሳቸው ካጨበጨቡ ማን ይቀራል? እህቴ ዓይነ ርግቧን ወርውራ እስክስታ ወረደች። እንዲያ ስትስቅ አይቻት አላውቅም፤ ደስ አለኝ፣ አለቀስሁም።

ዘፈኑ ሲያልቅ አማትዬው እያለከለኩ ወደ እኔ መጡ። «የህንድ መንዙማ ነው፣ አባባ» አልሁ ሳይጠይቁኝ።

«ዝም በል አንት!» አሉኝ በጆሮዬ። «ይህ ዘፈን ያለበትን የህንድ ፊልም በጉርምስናዬ ደሴ ሲኒማ ቤት አይቼዋለሁ። ሙሽሪትን አማቷ ጭፈራ ከልክሏት ስታለቅስ፣ አብሬያት አልቅሻለሁ።» ዞር ብለው እህቴን አዩዋትና ዓይናቸውን በጋቢያቸው ጠረጉ። «ድገመው። ሰው ከጠየቀህ መንዙማ ነው።»